የአራት ደቂቃ የፍቅር ፊልሞችና የመነጽርሽ ብሎን

ለተከበርሽውና ለምወድሽ ታላቅ እህቴ፤

ይህን ደብዳቤ የምጽፍልሽ ባለፈው መጋቢት የሰጠሁሽን ምክር ለመሻር ነው። በጽሑፍ ያጠፋሁትን በስልክ ማረም ተገቢ ሆኖ አልታየኝም፤ ደግሞም ስደውልልሽ አባባ «ማን ናት? እስቲ ድምፁን ከፍ አድርጊው» እያሉሽ ወሬያችን ሁሉ ለሦስተኛው ጎረቤት እንደሚዳረስ አንቺም ታውቂያለሽ። የዛሬው ነገር ለሦስተኛው ጎረቤት የሚሆን አይደለም።

ሰላምታ ሳላስቀድም ወደ ጉዳይ መግባቴ ነውር መሆኑን አልዘነጋሁትም፤ ፈርቼ እንዳልተወው ነው ቀድሜ የተናገርኩት። አሁን ግን በወጉ ልጠይቅሽ፤ እንደምን ሰነበትሽ፣ እህትዓለም? ቀኑን ሙሉ ቆመሽ መድኃኒት ስታድዪ የሚይዝሽ የወገብ ሕመም እንዴት አደረገሽ? በጠዋት የሚነሣብሽ ራስ ምታትስ ተወሽ ወይ? አባባ ጉልበታቸው በረታ ወይ? አክስታችንስ «ነገ አስነቅለዋለሁ» እያለች ዓመት ያስቆጠረችውን መንጋጋ ጥርሷን አስነቀለችው ወይስ እንደ ዘመድ አብራው ትኖራለች? እኔ ከጣቶቼ ጫፍ አልለቅ ካለኝ ሙጫ በቀር አንድም ችግር የለብኝም።

እንግዲህ ጥፋቴን ከሥሩ ላንሣው። ያለ ቅደም ተከተል የተነገረ ጥፋት ግማሹ ተድበስብሶ ይቀራልና።

ከጻፍሽልኝ ደብዳቤዎች መካከል በአሥራ አንዱ ላይ መነጽር ሠሪው አለ። ቆጥሬአቸዋለሁ። የእሱ ክፍል በክሊኒኩ ኮሪደር ከመድኃኒት መስኮትሽ ፊት ለፊት ነው። ሐሙስ በመጣ ቁጥር የመነጽርሽ ብሎን ይላላል፤ ትወስጂለታለሽ፤ ያጠብቅና «እስቲ ይሞክሩት» ይልሻል፤ አንቺም «አሁን ደህና ነው» ብለሽው ወደ መስኮትሽ ትመለሻለሽ። አንድ ጊዜ የኮሪደሩ መብራት የመስኮትሽ መስታወት ላይ እያንጸባረቀ ዓይንሽን ሲወጋሽ አይቶ፣ ሳትጠይቂው ካርቶን ቆርጦ መጥቶ ከለለልሽ። ምንም ሳይናገር መጥቶ ምንም ሳይናገር ሄደ ብለሽ ጽፈሽልኛል። ሁለት ዓመት ሙሉ ከዚህ ያለፈ ነገር የለም። ከዚያ በየካቲት ደብዳቤሽ መጨረሻ ላይ፣ ከሰላምታው በኋላ፣ በትንንሽ ፊደል «ይህ ሰው ምን ያስብ ይሆን?» ብለሽ ጠየቅሽኝ።

እኔ ብዙ አንብቤአለሁ ባይዋ፣ የሰው ልብ የታተመ ይመስል፣ በሦስት ነጥብ መለስኩልሽ። አንደኛ፣ የሚወድ ሰው ይናገራል፤ ሁለት ዓመት ዝም ያለ የሚናገረው የለውም። ሁለተኛ፣ አንዲት ብሎን በሁለት ዓመት አጥብቆ መጨረስ ያቃተው ባለሙያ በሙያውም አይታመንም። ሦስተኛ፣ በሠላሳ ዘጠኝ ዓመትሽ ፍሬ የሌለው ነገር ላይ ቀን አታጥፊ፤ መነጽርሽንም ሌላ ቦታ አሠሪ። ደብዳቤውን ስዘጋው እንዴት ያለ ጥርት ያለ ምክር ሰጠሁ ብዬ ረክቼ እንደነበር አልደብቅሽም።

አንቺም በሚያዝያ መለስሽልኝ። ደብዳቤሽ እንዲያ አጥሮ አያውቅም። «እንዳልሽው አደረግሁ፣ አዲስ መነጽር ሌላ ቦታ አሠራሁ፤ እሱም አይቶ ‹ያምርብዎታል› አለኝና ወደ ክፍሉ ገባ፤ ከዚያ ወዲህ በሩ ገርበብ ብሎ ነው የሚውለው» አልሽ። ቀጥለሽም ክሊኒኩ ከከተማው ማዶ ለከፈተው ቅርንጫፍ ፈቃደኛ ሠራተኛ እንደሚፈልግ፣ አንቺም የዝውውር ቅጹን እንደወሰድሽ፣ ተፈርሞ የሚመለሰው ግንቦት ሠላሳ እንደሆነ ነገርሽኝ። ለመሄድ ለምን እንደፈለግሽ አልጻፍሽም። እኔም አልጠየቅሁም፤ እንዲያውም «ቆራጥነትሽን አደንቃለሁ» የሚል ካርድ ልልክልሽ ነበር። ፖስታ ቤቱ በዚያ ቀን ዝግ ባይሆን ኖሮ ያ ካርድ ዛሬ እጅሽ ላይ ነበር።

ታዲያ ዓይኔን የገለጠው ምን እንደሆነ ብነግርሽ ትስቂያለሽ። የካርቱን ፊልም ነው።

የምሠራበት የመጽሐፍ ጥረዛ ክፍል ሦስት ሰው ብቻ እንዳለበት ጽፌልሻለሁ። እኔ አለሁ፤ ሠላሳ ዓመት ወረቀት ስታጥፍ የኖረችው አጣፊዋ አለች፤ አለቃችን ደግሞ ጦር ሜዳ ረግጠው የማያውቁ፣ ነገር ግን በአቋቋማቸው የተነሣ «ሻለቃ» ብለን የምንጠራቸው ሽማግሌ ናቸው። የመጽሐፍ ጀርባ ሙጫ ከተቀባ በኋላ ወደ መጭመቂያው ከመግባቱ በፊት ስድስት ደቂቃ ማረፍ አለበት። ቀድሞ ከገባ ሙጫው ይፈሳል፤ ከዘገየ አይዝም። እነዚያን ስድስት ደቂቃዎች ሰው እንደየጠባዩ ነው የሚያሳልፋቸው። እኔ አነባለሁ። ሻለቃ መስኮቱ ጋ ቆመው እጃቸውን ወደ ኋላ ያጣምራሉ። አጣፊዋ ግን ስልኳን በሙጫው ጣሳ ላይ ታስደግፍና ፊልሟን ትከፍታለች፤ ፊልሙ አራት ደቂቃ ነው፤ የቀረውን ሁለት ደቂቃ ስለ ፊልሙ ታወራለች።

አኒሜ ይባላል፤ ጃፓኖች የሚሠሩት የካርቱን ፊልም ነው፣ ከሥሩ ትርጉም ይጻፍበታል። የአጣፊዋ ምርጫ ለአዋቂዎች የተሠራው አጫጭር የፍቅር ኮሜዲ ነው። «ለአዋቂዎች» ስልሽ ነውር ያለበት እንዳይመስልሽ፤ እኔም መጀመሪያ እንደዚያ መስሎኝ ወንበሬን አዙሬ ተቀምጬ ነበር። ለአዋቂዎች የተባለው ሰዎቹ አዋቂዎች ስለሆኑ ነው። ሥራ አላቸው፤ ወገባቸውን ያማቸዋል፤ አውቶቡስ ያመልጣቸዋል፤ የሚወዱትን ሰው ሊያነጋግሩ አፋቸውን ሲከፍቱ አለቃቸው ይጠራቸዋል።

ለሁለት ወር ያህል ጀርባዬን ሰጥቼ አነበብኩ። አዋቂ ሴት፣ የልጅ ልጅ ያየች፣ በካርቱን እንባዋ እስኪፈስ ስትስቅ መስማት በእውነቱ ያሳፍረኝ ነበር። አንድ ቀን ግን ሳቋ መሀል ላይ ተቋረጠ። መጽሐፌን ይዤ ዞር ብዬ አየሁ።

ፊልሙ ውስጥ በአንድ ቢሮ የሚሠሩ ወንድና ሴት አሉ፤ ሁለቱም ወደ አርባ የተጠጉ ናቸው። ማታ ማታ በአንድ አውቶቡስ ይሳፈራሉ። እሱ «እኔም እዚህ ነው የምወርደው» ብሎ ከእሷ ጋር ይወርዳል፤ እስከ በሯ እየተጨዋወተ ይሸኛታል፤ እሷ እንደገባች ቀጣዩን አውቶቡስ ለመያዝ ይሮጣል። ቤቱ ለካ አራት ፌርማታ ይርቃል። አውቶቡሱ ጥሎት ይሄዳል፤ እሱም የገዛውን ሽንኩርት በከረጢት አንጠልጥሎ በእግሩ ያዘግማል፤ ፊቱ ላይ ግን የተሸነፈ ሰው መልክ የለም። በዚያው አለቀ። አራት ደቂቃ።

እኔም በዚያ በማትወጂው የመምህርነት ድምፄ፣ ይህ ሰው ለምን አይነግራትም፣ ቢነግራት በመጀመሪያው ደቂቃ አልቆ ሁሉም ወደ ሥራው አይገባም ወይ ብዬ ጠየቅሁ። አጣፊዋ ከመነጽሯ በላይ አየችኝና እንዲህ አለችኝ፦ «ከነገራትማ ምኑን አየነው፣ ልጄ? በሃያ ዓመቱ የተናገረ ሰው እንቢ ቢባል ሰፈር ይቀይራል። በአርባ ዓመቱ የተናገረ ግን እንቢ ቢባልም ነገ ጠዋት እዚያው ቢሮ ይገናኛሉ። ይኼ ሰው እንቢታ አይደለም የሚፈራው፤ ያቺን ‹እንዴት አደሩ› እንዳያጣት ነው።»

ሻለቃ ከመስኮቱ ሳይዞሩ፣ «እኔ የማይገባኝ» አሉ፣ «ዓይናቸውን ይህን ያህል አስፍተው ሲሥሏቸው ፊት ለፊታቸው የቆመውን ሰው እንዴት አያዩትም?» አጣፊዋም ሻለቃ ፊልሙን አላይም ብለው አልነበረም ወይ አለቻቸው። መስታወቱ ላይ ይታያል አሉ። ለካ ሁለት ወር ሙሉ መስኮት ጋ የሚቆሙት ለዚሁ ኖሯል።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ወንበሬን ወደ ስልኳ አዞርኩ። እንደምታውቂኝ አንድ ነገር ወድጄው ለምን እንደወደድኩት ካላወቅሁ እንቅልፍ አይወስደኝምና ነገሩን አሰላስዬዋለሁ። እኔ ባደግሁባቸው ልብ ወለዶች ፍቅር ሲመጣ ዓለም ሥራውን ያቆማል፤ ሰው ቤቱን ጥሎ ይሄዳል፣ ባሕር ይሻገራል፣ ይሞታል። በእነዚህ ፊልሞች ግን ማንም ሥራውን አይጥልም። ስልክ ከጮኸ ፍቅር ወረፋውን ይጠብቃል። ማንም ክፉ አይደለም፤ ማንም አይሞትም፤ የሚያሰናክላቸው ነገር ቢኖር የራሳቸው እፍረት ነው። ሥዕል መሆኑም ይጠቅማል። እውነተኛ ተዋናይ ሲያፍር ቢበዛ አንገቱን ይደፋል፤ እዚህ ግን ያፈረ ሰው ጆሮው እስኪነድ ይቀላና ቁመቱ ስንዝር አክሎ ከጠረጴዛው ሥር ይገባል። ያፈረ ሰው ደግሞ የሚሰማው በትክክል ያ ነው። አጣፊዋ የምትስቀው በሰዎቹ ላይ ሳይሆን ራሷን አግኝታ እንደሆነ ቆይቶ ገባኝ።

ማጠሩንም መጀመሪያ እንደ ጉድለት ነበር የቆጠርኩት። አሁን ግን ሲመስለኝ፣ ቀኑን ሲለፋ የዋለ ሰው ሦስት ሰዓት ተቀምጦ የሚያለቅስበት አቅም የለውም፤ አራት ደቂቃ የሚስቅበት ግን አያጣም። የእነዚህ ሰዎች ፍቅር ራሱም የሚገኘው በዚሁ ልክ ነው፤ በሁለት ሥራ መካከል፣ በደረጃ ላይ፣ በር ሲከፈትና ሲዘጋ። አጣፊዋ እያንዳንዱን ክፍል ቤቷ ሄዳ ከባለቤቷ ጋር ደግማ ታየዋለች። እሱ ሹፌር ነውና ደክሞት ሦስተኛው ደቂቃ ላይ ያንቀላፋል፤ የቀረችውን አንዷን ደቂቃ ጠዋት ቁርስ ላይ እሷ ትተርክለታለች። ሠላሳ አንድ ዓመት በትዳር ኖረዋል። ሁሉንም ወድጄዋለሁ ብዬ ግን አልዋሽሽም፤ ሙዚቃው ከመጠን በላይ ይጣፍጣል፣ የሴቶቹም ድምፅ እንደ ፉጨት የቀጠነ ነው።

ትናንት ሙጫው እስኪያርፍ ስንጠብቅ ስለ አንቺ ነገርኳቸው። ስምሽን አልጠራሁም፤ «አንዲት እህት አለችኝ» ብዬ ነው። ስለ ብሎኑ፣ ስለ ካርቶኑ፣ እኔ ስለሰጠሁሽ ምክርም ነገርኳቸው፤ ምክሩን በተናገርኩ ጊዜ ምስጋና ጠብቄ ነበር። አጣፊዋ በእጇ የያዘችውን ወረቀት አስቀመጠች። ሰውዬው ሙያውን ያውቃል ወይ ብላ ጠየቀችኝ። ሐኪሞቹ ራሳቸው እሱ ጋ ነው የሚያሠሩት አልኳት። ታዲያ እሱ ያጠበቀው የሌላ ሰው ብሎን ይላላል ወይ አለችኝ። እኔም አሥራ አንዱንም ደብዳቤ በልቤ ገለጥሁ፤ ከአንቺ በቀር ለሁለተኛ ጊዜ የተመለሰ ሰው የለም። ያን ጊዜ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ እንዲህ አለች፦

«መነጽር ሠሪ ያጠበቀው ብሎን በሳምንቱ አይላላም፣ ልጄ። ወይ እሱ አጥብቆ አላጠበቀውም፤ ወይ ደግሞ...» አለችና ወረቀቷን አነሣች።

ሻለቃ ከመስኮቱ ዞረው፣ «ወይ ደግሞ ምን? ጨርሺው እንጂ» አሏት።

«ስድስት ደቂቃው አልቋል፣ ሻለቃ፤ መጽሐፉን ያስገቡት» አለቻቸው።

እህትዓለም፣ ብሎኑን ያላላው ማን እንደሆነ አልጠይቅሽም። ማወቅ ይገባኛል ብዬም አላስብም። ነገር ግን በየሐሙሱ በዚያ ኮሪደር ሁለት አዋቂ ሰዎች ተስማምተው የጠበቋትን አንዲት ነገር እኔ በሦስት ነጥብ መጥቼ እንዳፈረስኳት ገባኝ። «ያምርብዎታል» ብሎሽ ወደ ክፍሉ ሲገባ ያንን ቃል ለመናገር ምን ያህል እንደከበደው አሁን አየዋለሁ። ደግሞ አንቺን አየሁሽ። እናታችን ስታርፍ አንቺ የሃያ ሦስት ዓመት ልጅ ነበርሽ፣ እኔ የስምንት። ፀጉሬን ጎንጉነሽ፣ ደብተሬን ሸፍነሽ፣ ራስሽን ወደ ኋላ አስቀምጠሽ አሳደግሽኝ። በዚያ ሁሉ ዘመን ለራስሽ ብለሽ የጠየቅሽኝ ነገር ያቺ በትንንሽ ፊደል የተጻፈች ጥያቄ ብቻ ናት። እኔ ደግሞ እንደ ፈተና ወረቀት አረምኳት።

በዚያ ከሰዓት በኋላ ሐሳቤ አልያዝልኝ ብሎ አንድ የመዝገበ ቃላት ቅጽ ገልብጬ ጠረዝኩ። ሽፋኑ ወደ ላይ፣ ውስጡ ወደ ታች። በአምስት ዓመት ሥራዬ ተሳስቼ የማላውቀው ስሕተት ነው። ሻለቃ አንሥተው ከፈቱት፣ አንገታቸውን አዘነበሉ፣ መጽሐፉን አዞሩት፣ መልሰው አዞሩት። ይቆጡኛል ብዬ ስጠብቅ፣ «ሙጫው ገና እርጥብ ነው፤ አሁን ከሆነ በእጅ ይላቀቃል። ነገ ግን ቢላዋ ያስፈልገዋል፣ ቢላዋ ደግሞ ቅጠሉንም ይነካል» አሉኝ። የተናገሩት ስለ መጽሐፉ ነው፤ እኔ ግን የሰማሁት ስለ ግንቦት ሠላሳ ነው። መጽሐፉን አላቅቄ አስተካክዬ ከጨረስኩ በኋላ፣ ለዛሬ ግማሽ ቀን ፈቃድ ጠይቄ ይህን ልጽፍልሽ ተቀመጥሁ። ለምን እንደሆነ ሳይጠይቁ ፈቀዱልኝ። አጣፊዋም «ረጅም አድርገሽ ጻፊላት፤ የእኛ አራት ደቂቃ ለደብዳቤ አይሆንም» አለችኝ።

አሁን ደግሞ ሌላ ጥፋት እንዳልጨምር ልጠንቀቅ። ያን ጊዜ ተዪው ብዬሽ ዛሬ ያዢው ብልሽ፣ በሁለቱም ጊዜ በልብሽ ላይ ዳኛ ሆኜ መቀመጤ ነው። አንቺ በሠላሳ ዘጠኝ ዓመትሽ የታናሽ እህት ፍርድ አያስፈልግሽም። ማዶ ያለውን ቅርንጫፍ ፈልገሽው ከሆነ ሂጂ፤ መስኮቱ ሰፊ፣ ወንበሩም ለወገብሽ የሚመች ይሁንልሽ። ሰውዬው እንደ ወንድም የሚያይሽ ሆኖ ቢገኝ፣ አጣፊዋና እኔ ፊልም ያበዛን ሰዎች ነን ማለት ነው፤ ስቀሽ እለፊን። የማልችለው አንድ ነገር ብቻ ነው። እሱ «መነጽሯን ሌላ ቦታ ያሠራችው እኔን ስለጠላች ነው» ብሎ እንዲኖር፣ አንቺም በእኔ ቃል ተነሥተሽ ከምትወጂው መስኮት እንድትሄጂ መተው አልችልም። ጥፋቱ ባለቤት አለው፤ ባለቤቱም እኔ ነኝ።

አባባን ጉልበታቸውን ይዘሽ ሳሚልኝ፤ የላኩልኝን ካልሲ አድርጌው እንደምሠራ ንገሪያቸው። ለአክስታችን ጥርሷን የሚነቅል ሐኪም እዚህም እንዳለ፣ እምቢ ካለች መጥቼ እንደምወስዳት አስጠንቅቂልኝ። የጓሮዋን ክፍል ለተከራየችው ነርስ፣ ወገብሽን ማታ ማታ ስለምታሽልሽ ምስጋናዬን አድርሺልኝ። ድመታችንንም፣ ምንም እንኳ እኔን ባትወድ፣ በስሜ ዳብሺያት።

በመጨረሻ ያለኝ ጥያቄ ይህ ነው። ከዚህ ደብዳቤ ጋር አንዲት የታጠፈች ወረቀት አለች፤ ለመነጽር ሠሪው ናት። አላሸግኋትም፤ አንብቢያት። ያለባት ይህ ብቻ ነው፦ «ጌታዬ፣ እህቴ አዲሱን መነጽር ያሠራችው በእኔ ምክር ነው። ሳላውቅዎት በሙያዎ ላይ ክፉ ቃል ጽፌአለሁና ይቅርታ እጠይቅዎታለሁ።» ስለ አንቺ ልብ አንዲት ፊደል አልጻፍኩም፤ ያ የአንቺ ነው። ቅጹ ከሚመለስበት ቀን በፊት ሁለታችሁም የምታስቡበት ጊዜ እንዲኖራችሁ፣ እባክሽ ይህችን ወረቀት እስከ ግንቦት ሃያ አራት ቀን ድረስ በእጁ ስጪልኝ።

ታናሽ እህትሽ

ከጥረዛ ክፍሉ፣ ከመስኮቱ ሥር
ግንቦት ዐሥራ አራት ቀን